ከባለቤቱ ጋር የሚያረጅ ቤት

የአገራችን የሥነ ሕንፃ ታሪክ ሲነሣ በቅድሚያ የሚጠቀሰው ድንጋዩ ነው። የአክሱም ሐውልቶች፣ የላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናትና የጎንደር ግንቦች ዘመንን ተቋቁመው በመዝለቃቸው የታሪክ ምስክሮች ሆነዋል። ይሁን እንጂ ማርጀቱን አስቀድሞ አውቆ የሚሠራ ሌላ የግንባታ ጥበብም አለን። ከአርባ ምንጭ በስተሰሜን፣ በጨንቻ አካባቢ በጋሞ ደጋ ላይ የሚገኘው የዶርዜ ቤት ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው።

ዶርዜዎች በሽመና የታወቁ ናቸው፤ ቤታቸውም ተሠራ ከሚባል ተሸመነ ቢባል ይቀርባል። አንትሮፖሎጂስቷ ጁዲት ኦልምስቴድ እ.ኤ.አ. በ1972 ባሳተሙት ጥናት ርእስ ላይ ቤቱን «የቀርከሃ ቅርጫት» ብለው መጥራታቸውም ያለ ምክንያት አልነበረም። የተሰነጠቀው ቀርከሃ ከመሬት ተነሥቶ እየተጎነጎነ ወደ ላይ ይወጣል። መሐል ላይ ምሰሶ የለውም፤ ክብደቱን የሚሸከመው ጉንጉኑ ራሱ ነው። ከውጭ በእንሰት ቅጠልና በቀርከሃ ልባስ ይከደናል። አዲስ ሲሆን ቁመቱ እስከ 12 ሜትር ይደርሳል። ከመግቢያው በላይ ወደ ፊት የወጣው ክፍል ኩምቢ ስለሚመስል ቅርጹ ከዝሆን የተወሰደ መሆኑን የአካባቢው ሰዎች ይናገራሉ።

የዚህ ቤት ጠላት ምስጥ ነው። ከምድጃው የሚወጣው ጢስ ጣራውንና ግድግዳውን ከነፍሳት ቢጠብቅም፣ መሬት የነካው ጫፍ ከመበላት አይድንም። ባለቤቱ ግን ቤቱን አፍርሶ አይሠራም። የተበላውን ከሥር ቆርጦ ያስወግዳል፤ ቤቱም በዚያው ልክ ዝቅ ብሎ ይቀመጣል። ሲሠራ እጅግ እንዲረዝም የሚደረገውም ይህ ታስቦ ነው። በመሆኑም የቤቱን ዕድሜ ከቁመቱ መገመት ይቻላል። ቦታ መለወጥ ሲያስፈልግ ደግሞ ጎረቤት ይጠራል፤ ቤቱም ሳይፈርስ በብዙ ሰው ትከሻ ተነሥቶ ወደ አዲሱ ቦታ ይወሰዳል።

በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ የጋሞ ምድር በዳግማዊ ምኒልክ መንግሥት ሥር ከገባ በኋላ፣ በርካታ የዶርዜ ሸማኔዎች በየጊዜው ወደ አዲስ አበባ እየሄዱ በሽሮ ሜዳ አካባቢ ሰፈሩ። የመዲናይቱን መልክ የለወጡት ባሕር ዛፍና ቆርቆሮም ውለው አድረው ደጋው ድረስ ዘለቁ። ቆርቆሮ የመረጠ ሰው አይወቀስም። የቅጠል ክዳን እሳት ይፈራል፤ በየጊዜው መታደስን ይጠይቃል፤ በቤት ውስጥ የሚታፈነው ጢስም ለዐይንና ለሳንባ ጠንቅ ነው። ከዚህም ሌላ ወጣቱ ሥራ ፍለጋ ወደ ከተማ ሲሄድ ቀርከሃ የሚሰነጥቅና የሚጎነጉን እጅ ይጎድላል።

ከተፈጥሮ ጋር የተስማማ ግንባታ በየአገሩ በሚጠናበት በዛሬው ዘመን፣ ይህ ጥበብ የጎብኚ ማረፊያ ማስጌጫ ሆኖ ብቻ እንዳይቀር ያሰጋል። የድንጋይ ሕንፃ ሠሪዎቹ ካለፉ በኋላም ቆሞ ይታያል። የዶርዜ ቤት ግን የሠሪዎቹ ትውልድ ሳይተካ ካለፈ ከጥቂት አሥርት ዓመታት በላይ አይቆይም። ስለዚህ ቅርሱን እንጠብቅ ካልን አንዱን ቤት አጥሮ ማስቀመጥ አይበቃም። የቀርከሃው ተክል በየጓሮው መኖር፣ ሙያውም ከአባት ወደ ልጅ መተላለፍ አለበት፤ ቤት ለማንሣት ሲጠራም የሚመጣ ጎረቤት ሊኖር ይገባል።