ደጅ ላይ የሚቆላ ቡና

የእህቴን ልጅ አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ በዳርን ዕለት፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ላይ የሕንፃው የጭስ አላርም ጮኸ። ሙሽራዋ ግማሽ ፀጉሯ ተሠርቶ ግማሹ እንደተበተነ፣ ጎረቤቱም ልጆቹን እንዳቀፈ፣ ሁላችንም በደረጃ ወረድን። እማዬ ሳሎን ውስጥ ቡና እየቆላች ነበር። ቡናው ከቴፒ አዲስ አበባ ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ በመኪና፣ ከዚያ በሰው ሻንጣ የመጣላት ነው፤ ምጣዱን ጥላ አልወረደችም።

በዚህ መሃል ሙሽራው ከነሚዜዎቹ ከተፍ አለ። በር ሊይዙ የተዘጋጁት ልጃገረዶች በር አጡ። ከእሳት አደጋ መኪናው አጠገብ፣ ፓርኪንጉ ላይ ክንድ ለክንድ ተያይዘው አጥር ሠሩና ዘፈኑን አቀለጡት። ሚዜዎቹ ሽቶ እየረጩ ይለምናሉ፤ "አልሰማንም! ጨምሩ!" ይባላሉ። መሃል ላይ የቆመችው የኤልሳልቫዶር ተወላጅ የሆነች የሙሽራዋ የሥራ ባልደረባ ናት። ግጥሙን አታውቀውም፤ ክንዷን ግን ማንም አላላቀቃትም።

ሚዛን ተፈሪ ሳድግ በር መያዝ ጨዋታ ብቻ ይመስለኝ ነበር። እዚያ ዳሱን የሚተክለው ጎረቤት፣ ወጡን የሚሠራው ጎረቤት ነው፤ ሚዛን ዝናብ አያጣትምና ሸራ የሚወጥረውም ጎረቤት ነው። ሙሽራዋ ወገን እንዳላት ማን ይጠራጠራል? እዚህ ግን አክስትና አጎት ባሕር ማዶ ቀርተዋል። እነዚያ የተያያዙ ክንዶች "ይህች ልጅ ሰው አላት" የሚሉ ሆነው ታዩኝና እንባዬ መጣ።

የጥር ሰርግም እዚህ በበረዶ ምክንያት ወደ አሜሪካኖቹ በጋ ዞሯል። ከኦገስት 7 እስከ 21 ፍልሰታ ስለሚጾም ከጾሙ በፊትና በኋላ ያሉት ቅዳሜዎች ይጣበባሉ። አዳራሹም በውሉ ሰዓት ይዘጋል፤ ማንም ሰዓት የማይቆጥርበት መልሱ ነው፣ ቤት ስለሚደረግ።

ቡናችን ደግሞ ደጅ ወጥቷል። ያን ዕለት አላርሙ ጸጥ ሲል፣ እማዬ ምጣዱን በየሰዉ ፊት አዞረችው። ከእሳት አደጋ ሠራተኞቹ አንዱ ቆቡን አውልቆ፣ ጎንበስ ብሎ በእጁ ጭሱን ወደ ፊቱ ሳበ። ከዚያ ወዲህ ለሰርግም ለመልስም ከሕንፃው ጀርባ እንቆላለን፤ ኮረሪማውንም እዚያው እንወቅጣለን። ያን ጠዋት በነጠላ ጫማ የወረዱት የታችኛው ፎቅ ሴትዮ፣ ከሰል ስናወርድ ካዩ ወንበራቸውን ይዘው ይመጣሉ።