ጆን ቶሻክ፦ ስዋንሲን ከአራተኛ ዲቪዚዮን ያነሣው ዌልሳዊ

እ.ኤ.አ. ሜይ 11 ቀን 1979 ምሽት ስዋንሲ ሲቲ በቬች ፊልድ ስታዲየም ቼስተርፊልድን አስተናገደ። ካሸነፈ ወደ ሁለተኛ ዲቪዚዮን ያልፋል። እንግዶቹ ቀድመው አገቡ፤ አለን ዋድል አቻ አደረገ። ሰዓቱ እየገፋ ሲሄድ የ30 ዓመቱ አሰልጣኝ ራሱ ተቀይሮ ገባ። ብዙም ሳይቆይ የተሻማለትን ቅጣት ምት ከተከላካዮቹ በላይ ዘሎ በጭንቅላቱ ገጨና መረቡ ላይ አሳረፈው። 2 ለ 1። ስዋንሲ አለፈ።

ይህን አሰልጣኝ፣ ጆን ቶሻክን፣ ብዙ ሰው የሚያውቀው በሪያል ማድሪድ ነው። ለእኔ ግን ትልቁ ሥራው እዚያች ትንሽ የዌልስ ሜዳ ላይ የሠራው ነው።

ካርዲፍ ተወልዶ በ16 ዓመቱ ለከተማው ክለብ ተሰለፈ። በ1970 ሊቨርፑል በ110,000 ፓውንድ ገዛው። እዚያ ከአሰልጣኙ ከቢል ሻንክሊ የተማረው ጨዋታን አስቀድሞ ማንበብን ነው። የ1973ቱ የዩኤፋ ዋንጫ ፍጻሜ የመጀመሪያ ጨዋታ በከባድ ዝናብ ምክንያት በ27ኛው ደቂቃ ተቋረጠ። ሻንክሊ ግን በዚያች አጭር ጊዜ የቦሩሲያ ሞንቼንግላድባኽ ተከላካዮች በአየር ኳስ ደካማ መሆናቸውን ተመልክቶ ነበር። በማግስቱ ጨዋታው እንደ አዲስ ሲጀመር ረጅሙን ቶሻክን አሰለፈ፤ ኬቪን ኪጋን ሁለት አገባ፤ ሊቨርፑል 3 ለ 0 አሸነፈ። በመልሱ 2 ለ 0 ቢሸነፍም ዋንጫውን ወሰደ።

ቶሻክ በማርች 1978 ስዋንሲን በተጫዋች አሰልጣኝነት ሲረከብ ገና 28 ዓመቱ ነበር፤ ክለቡም በአራተኛ ዲቪዚዮን ይጫወት ነበር። ቦታውን የለቀቀለት ሃሪ ግሪፊትስ ለስዋንሲ ከ400 በላይ ጨዋታዎች ያደረገ ሰው ነው። ቅር ብሎት አልሄደም፤ ረዳት ሆኖ አብሮት ቀረ። ያን የውድድር ዓመት ክለቡ ማደጉን ሊያረጋግጥ ቀናት ሲቀሩት፣ ግሪፊትስ እዚያው ቬች ፊልድ ውስጥ ለጨዋታ ሲዘጋጅ በልብ ሕመም ሕይወቱ አለፈ። የስዋንሲ ታሪክ ሲነገር የዚህ ሰው ስም ተዘልሎ ማለፉ ያሳዝነኛል።

በ1978፣ በ1979 እና በ1981 ሦስት ጊዜ አደጉ። በአራት የውድድር ዓመታት ውስጥ ከታችኛው ዲቪዚዮን አንደኛው ደረሱ። ኦገስት 29 ቀን 1981 በታሪካቸው የመጀመሪያ በሆነው የአንደኛ ዲቪዚዮን ጨዋታ ሊድስ ዩናይትድን 5 ለ 1 አሸነፉ። ቦብ ላችፎርድ ሐትሪክ ሠራ፤ አምስተኛዋን ያገባው ደግሞ ቀደም ሲል ለሊድስ ተሸጦ የተመለሰው አለን ከርቲስ ነው።

በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር መጨረሻ ሻንክሊ አረፈ። ስዋንሲ ከቀናት በኋላ አንፊልድ ላይ ሊቨርፑልን ገጠመ። የሕሊና ጸሎት ሲደረግ ቶሻክ የስዋንሲ ቱታውን አወለቀ፤ ከሥር የለበሰው የሊቨርፑልን ማሊያ ነበር። ለአሰልጣኙ ያለውን ክብር እንዲህ በሜዳ መሐል ማሳየቱ ልቤን ይነካኛል። ጨዋታው 2 ለ 2 ተጠናቀቀ።

ስዋንሲ በዚያ ዓመት ሊጉን የመራባቸው ሳምንታት ነበሩ፤ 6ኛ ሆኖ ጨረሰ። ግን ያን ያህል ከፍታ ለመድረስ የወጣው ገንዘብ ከክለቡ አቅም በላይ ነበር። በ1983 ወረደ፤ በቀጣዩ ዓመት ቶሻክ ተሰናበተ፤ በ1986 ክለቡ ወደ አራተኛ ዲቪዚዮን ተመለሰ። ለዚህ ቶሻክን ብቻ የሚወቅሱ አሉ። በእኔ እምነት ሒሳቡን መቆጣጠር የቦርዱም ኃላፊነት ነበር።

እሱ ግን በፖርቱጋል አድርጎ ስፔን ገባ። በ1987 ሪያል ሶሲዳድን ይዞ አትሌቲኮ ማድሪድን በፍጹም ቅጣት ምት አሸንፎ የንጉሡን ዋንጫ አነሣ። በ1989/90 ሪያል ማድሪድ በእሱ ሥር 107 ግቦች አግብቶ ሻምፒዮን ሆነ፤ ሁጎ ሳንቼዝ ብቻውን 38 አስቆጠረ። የቡድኑ የ107 ግብ ክብረ ወሰን እስከ 2012 ቆየ። ዋንጫው ግን አላተረፈውም፤ በኖቬምበር 1990 ተባረረ።

ከዚያ በኋላ ዴፖርቲቮ፣ ቤሺክታሽ፣ የዌልስ ብሔራዊ ቡድንና ሌሎችም ተከተሉ። በኋላም ወደ አፍሪካ መጣ፤ በ2015፣ በ66 ዓመቱ፣ ከዊዳድ ካዛብላንካ ጋር የሞሮኮን ሊግ አሸነፈ።