የራያ ጎርፍና የዘመን ቈጠራችን

ቀንና ዓመት ተፈጥሮ የደነገገቻቸው መለኪያዎች ናቸው፤ የዘመን መቍጠሪያ ግን የሰው ልጅ ሥራ ነው። ምድር ፀሐይን አንድ ጊዜ ለመዞር 365 ቀን ከ5 ሰዓት ከ48 ደቂቃ ያህል ይፈጅባታል። ጨረቃ በበኩሏ ዐሥራ ሁለት ጊዜ ተወልዳ እስክትጠፋ 354 ቀን ገደማ ይሆናል። ከእነዚህ ቍጥሮች አንዱም በሌላው ያለ ቀሪ አይካፈልም። ስለዚህ የዘመን መቍጠሪያ የሚሠራ ሰው ሁሉ ትርፉን የት እንደሚያኖር መወሰን ግድ ይሆንበታል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ አባቶቻችን ይህን ትርፍ እንዴት እንዳደላደሉት፣ ውሳኔያቸውም በራያ ቆላ ውኃ ለሚለካ ባለሙያ ምን ቁም ነገር እንዳለው በአጭሩ ማሳየት ነው።

የቆቦ ከተማ ከወልድያ በስተ ሰሜን 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ ከባሕር ወለል በላይ 1,500 ሜትር ገደማ በሆነ ሜዳ ላይ ትገኛለች። በስተ ምዕራብ ደጋው፣ በስተ ምሥራቅ የዞብል ተራራ ያዋስኗታል። ሆርማትና ጎሊናን የመሳሰሉት ወንዞች ከደጋው የዘነበውን ይዘው ሲወርዱ፣ ገበሬው ደራሹን ጎርፍ ጠልፎ በቦይ እየመራ ወደ ማሽላ ማሳው ያገባዋል። ጎርፉ አንድ ጊዜ ካለፈ ተመልሶ አይገኝም። ጠለፋው መቼ መጠገን፣ ቦዩ መቼ መጠረግ እንዳለበት የሚወሰነው አስቀድሞ ስለሆነ፣ በዚህ አገር ቀን መቍጠር የኑሮ ጕዳይ ነው።

የምንቈጥርበት ሥርዐት መነሻውም ከጎርፍ ጋር የተያያዘ ነው። የጥንት ግብፃውያን ዓመታቸውን የጀመሩት ዓባይ በሚሞላበት ወራት ነበር፤ ያን ሙላት በአብዛኛው የሚያመጣው ደግሞ የእኛው ክረምት ነው። ዓመታቸው ሠላሳ ሠላሳ ቀን ካላቸው ዐሥራ ሁለት ወሮችና ከአምስት ጭማሪ ቀኖች የተዋቀረ በመሆኑ፣ በየአራት ዓመቱ አንድ ቀን ከወቅቱ ይርቅ ነበር። ሦስተኛው በጥሊሞስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ238 ዓመት ስድስተኛ ቀን እንዲጨመር ቢታወጅም ሕዝቡ አልተቀበለውም። ሥርዐቱ የጸናው ግብፅ በሮማው በአውግስጦስ ቄሣር እጅ ከወደቀች በኋላ ነው። እኛም በእስክንድርያ ቤተ ክርስቲያን በኩል ይህንኑ ተረክበን ጭማሪዋን ወር ጳጕሜን ብለን ያዝን። በ5ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ የነበረው የእስክንድርያው መነኵሴ አንያኖስ ያሰላውን የልደት ዘመን ስንከተል፣ ምዕራባውያን ዲዮናስዮስ እ.ኤ.አ. በ525 ያወጣውን ተከተሉ። በሁለቱ መካከል ያለው የሰባት ወይም የስምንት ዓመት ልዩነት ከዚህ የመጣ ነው።

የሒሳቡ ጥበብ ባሕረ ሐሳብ ይባላል። አሠራሩን በአንድ ምሳሌ እንመልከት። ለ1977 ዓ.ም. 5500 ሲደመርበት ዓመተ ዓለሙ 7477 ይሆናል። ለአራት ሲካፈል 1 ስለሚተርፍ ዘመኑ ማቴዎስ ነው። ሦስት ቢተርፍ ዘመነ ሉቃስ ይሆንና ጳጕሜን ስድስት ቀን ትሆን ነበር። ያው 7477 ለ19 ሲካፈል 10 ይተርፋል፤ አንዱ ሲቀነስ ወንበሩ 9 ነው። ወንበሩን በ11 አባዝተን በሠላሳ ስንገድፍ አበቅቴው 9፣ በ19 አባዝተን ስንገድፍ መጥቅዑ 21 ይወጣል፤ የሁለቱም ድምር ሠላሳ ነው። ከዚህ ተነሥቶ ጾመ ነነዌ ጥር 27፣ ፋሲካም ሚያዝያ 6 ቀን እንደሚውል ይታወቃል። 11 የተባለው ቍጥር የፀሐይ ዓመት ከጨረቃ ዓመት የሚበልጥበት የቀን ብዛት መሆኑን ልብ ይሏል።

እንግዲህ ሥርዐቱ ሁለት ነገሮችን በአንድነት ይዟል። አጽዋማትና በዓላት ከጨረቃ ጋር ወዲያና ወዲህ ሲሉ፣ ወሮቹ ከፀሐይ ጋር ጸንተው ይኖራሉ። የራያ ሙስሊም ገበሬም ረመዳንን በሂጅራ ይጾማል፤ የሂጅራ ወር ግን በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶችን ሁሉ ስለሚዞር፣ ማሽላውን የሚዘራው እንደ ክርስቲያን ጎረቤቱ ሚያዝያና ግንቦትን እያየ ነው። የራያ ቆቦ ልጃገረዶች ከነሐሴ 16 ጀምሮ ሶለል ሲጫወቱም ወንዙ የሚሞላበት ጊዜ መሆኑን የማያውቅ የለም።

ይህን ሁሉ ያነሣሁት ስለ ትናንት ለመተረክ ብቻ አይደለም። ሕዝባችን «የሰባ ሰባት ድርቅ» የሚለውን መከራ እናስታውስ። ከራያ ሜዳ በላይ በምትገኘው በኮረም የተነሣው ሥዕል በቴሌቪዥን ለዓለም የታየው ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ነው። ለረኃቡ ጦርነቱና የአስተዳደሩ ጕድለት ከፍ ያለ ድርሻ ነበራቸው። የቀረው ዝናብ ግን የ1976 በልግና ክረምት ዝናብ ነበር። ዓመታችን ክረምቱ ሲያበቃ ስለሚዘጋ፣ ዝናቡ በአንዱ ዓመት፣ አዝመራው በሚቀጥለው ይመዘገባል። በፈረንጆች አቈጣጠር ግን ሁለቱም በ1984 ውስጥ ይወድቃሉ። እንግዲህ አንድ መሐንዲስ የድርቁን ዓመት ዝናብ ፈልጎ «1977» የሚለውን ገጽ ቢገልጥ፣ የሚያገኘው ክረምት እ.ኤ.አ. የ1985 ነው፤ ረኃቡን ያመጣው አይደለም። በዚህ ስሕተት የተሠላ ቦይ ወይም ጕድጓድ ክፉ ዘመን ሲመጣ የታሰበለትን ውኃ አይሰጥም። ዕዳውን የሚከፍለውም ገበሬው ነው።

ሌሎች ወጥመዶችም አሉ። ሐምሌ 1 ቀን የፈረንጆች ጁላይ 8 ስለሆነ ሐምሌን «ጁላይ» ብሎ መገልበጥ ሰባት ቀን ያዛባል። ዐሥራ ሁለት ዓምድ ብቻ ባለው ቅጽ ላይ ጳጕሜን ቦታ የላትም፤ በእነዚያ አምስት ቀኖች የወረደ ጎርፍ ወይ ይጠፋል፣ ወይ ከነሐሴ ጋር ይደመራል። ጳጕሜን ስድስት ከሆነችም፣ የሚከተለው መስከረም 1 ሴፕቴምበር 12 ላይ ይውላል።

አቈጣጠራችን እንከን የለሽ ነው ማለት አይደለም። ዓመቱን 365 ከሩብ ብሎ ስለሚይዝ በ128 ዓመት አንድ ቀን ያህል ከፀሐይ ይርቃል። ዛሬ ሴፕቴምበር 11 ላይ የሚውለው መስከረም 1 በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን፣ አሁን ባለው የጎርጎርዮስ ስሌት ቢቈጠር፣ ሴፕቴምበር 7 ላይ ይውል ነበር። ከ2093 ዓ.ም. ጀምሮም አንድ ቀን ይገፋል። ይሁን እንጂ የአራት ቀን ፈቀቅታ የክረምት መግቢያ ከዓመት ዓመት ከሚለዋወጥበት መጠን አንጻር እጅግ ትንሽ ነው።

ስለዚህ የሙያ ባልደረቦቼን የማሳስበው ይህ ነው፦ የዝናብና የጎርፍ ልኬት በሁለቱም አቈጣጠር ከነ ቀኑ ይጻፍ፤ ጳጕሜን የራሷ ዓምድ ይኑራት፤ የገበሬውን ቃል ስንቀበልም «በየትኛው ዓመት?» ብቻ ሳይሆን «ከመስከረም በፊት ነው ወይስ በኋላ?» ብለን እንጠይቅ። አባቶቻችን ለሩብ ቀን ተጠንቅቀው ያቈዩትን ሒሳብ እኛ በግድየለሽነት አንድ ሙሉ ዓመት ልናስተው አይገባንም።