ካሜራው በማን እጅ ነበር? ኃይሌ ገሪማና የዓድዋ ትውስታ

ስለ ታሪካችን ስንሟገት መጽሐፉን ማን ጻፈው፣ ለማንስ ወግኖ ጻፈው ብለን እንጠይቃለን። ፊልም ስናይ ግን ይህን ጥያቄ እንዘነጋዋለን። እኔ እንደማምነው፣ ካሜራው በማን እጅ ነበር የሚለው ጥያቄ ብዕሩ በማን እጅ ነበር ከሚለው አያንስም።

የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. የኢጣልያ ጦር ዓድዋ ላይ ድል ሲመታ፣ ሲኒማ ፓሪስ ላይ ለሕዝብ ከታየ ገና ሁለት ወር ያህሉ ነበር። በ1928 ዓ.ም. ፋሺስቶች ዳግም ሲወርሩን ግን የሉቼ ተቋም ባለካሜራዎች ከሠራዊቱ ጋር ዘምተዋል። ስለዚህም የድላችን ፊልም የለንም፤ የመከራችን ፊልም ግን በወራሪው ዓይን ተቀርጾ ቀርቶልናል።

ኃይሌ ገሪማ በ1999 (እ.ኤ.አ.) ባወጣው «ዓድዋ» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልሙ የገባው በዚህ ክፍተት ነው። ያልተቀረጸውን ጦርነት በአዛውንቶች ትረካ፣ በሥዕልና በዜማ ተረከው። «ይህ ታሪክ ነው ወይስ አፈ ታሪክ?» የሚል አንባቢ ቢኖር ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ትውስታ ይስታል፣ ያጋንናልም። ነገር ግን የወራሪው ፊልም ለፕሮፓጋንዳ ተመርጦ የተቆራረጠ ነበር። በኃይሌ ፊልም ቢያንስ ተራኪውን ፊት ለፊት እናየዋለን፤ ቃሉንም መዝነን መቀበል እንችላለን።

ይህ ነጻነት ያለ ዋጋ አልተገኘም። ጎንደር ተወልዶ በ1967 (እ.ኤ.አ.) ወደ አሜሪካ የተሻገረው ኃይሌ፣ ስለ ባርነት የሠራውን «ሳንኮፋ» የተሰኘ ልብ ወለድ ፊልም በ1993 (እ.ኤ.አ.) ሲያወጣ አከፋፋዮች ፊታቸውን አዞሩበት። እርሱና ባለቤቱ ሽሪኪያና አይና ግን ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ወደ ከተማ ይዘውት ዞሩ። የአከፋፋይን ደጅ የማይጠና ፊልም ሠሪ የማንንም ፈቃድ ሳይጠብቅ ወደ ዓድዋ መዝለቁ ታዲያ ምን ያስደንቃል?

በ2016 ዓ.ም. አዲስ አበባ፣ ፒያሳ ላይ የዓድዋ ድል መታሰቢያ ተመርቋል። መልካም ሥራ ነው። ይሁንና መታሰቢያ የሚያቆም መንግሥት፣ የትኛውም ይሁን፣ የመታሰቢያውን ትርጉም እኔ ልንገራችሁ ማለቱ አይቀርም። ያንን የሚያመዛዝነው የግለሰቦች ነጻ ምስክርነት ነው። በ1928ቱ ወረራ ሕፃናት የነበሩት ወገኖቻችን፣ በሕይወት ያሉት፣ ዛሬ ዘጠና ዓመት አልፏቸዋል። ለመሆኑ የስንቶቹን ቃል ቀርጸናል?