ሽለላን በሳክስፎን የነፉት ጌታቸው መኩሪያ

ሽለላና ቀረርቶ ምን እንደሆነ ለሰቆጣና ለዋግ ሰው መንገር አያስፈልግም። በሠርግ ይሸለላል፤ ጀግና ሲሞትም ለቅሶው ላይ ይፎከራል። ዳሩ ግን ሽለላ የአፍ ሙያ ስለሆነ ዐዋቂው ሲሞት አብሮት ይቀበራል። ይህንን የአፍ ሙያ ወደ ፈረንጅ መሣሪያ አሻግረው ያቆዩልን ጌታቸው መኩሪያ ናቸውና ታሪካቸውን ባጭሩ አቀርባለሁ።

ጋሽ ጌታቸው በ1927 ዓ.ም. በይፋት ተወለዱ። በልጅነታቸው የያዙት ክራርና መሰንቆ ነበር። ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳሉ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት የሙዚቃ ጓድ ገብተው ክላርኔት፣ ቀጥሎም ሳክስፎን ያዙ። በዚያ ዘመን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ማለት ጓዱ ራሱ ነበር። ነገሩ የተጀመረው በ1916 ዓ.ም. ራስ ተፈሪ በኢየሩሳሌም ያገኟቸውን አርባ የአርመን እጓለማውታ ልጆች ወደ አገራችን ሲያስመጡ ነው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበሩ። በኋላም የወንድማቸው ልጅ ነርሲስ ናልባንዲያን የማዘጋጃ ቤቱንና የቴአትር ቤቱን ተጫዋቾች አስተምረዋል።

ሳክስፎን ቤልጅጋዊው አዶልፍ ሳክስ እ.ኤ.አ. በ1846 በስሙ ያስመዘገበው መሣሪያ ነው። አካሉ ናስ ይሁን እንጂ የሚቆጠረው ከእንጨት ነፋሾች ወገን ነው፤ ምክንያቱም ድምፁን የሚያወጣው አፉ ላይ የሚታሰር ስስ የሸምበቆ ስንጣሪ ነው። የኛም ዋሽንት ከሸምበቆ አይደለም እንዴ? እንግዲህ ዞሮ ዞሮ ሁለቱም የሸምበቆና የትንፋሽ ሥራ ናቸው።

በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ሲከፈት ጋሽ ጌታቸው ወደዚያው ኦርኬስትራ ተዛወሩ። የሸላዩንም ድምፅ በሳክስፎን ያወጡ ነበር። ሽለላ በከበሮ ልክ አይሄድም፤ ሸላዩ ትንፋሹ እስከቻለ ይስባል፣ ድንገት ይቆርጣል፣ ያጓራል። እርሳቸውም የአንበሳ ጎፈር ደፍተው መድረክ ላይ ሲወጡ ሳክስፎኑን እንደዚያው ያስጮኹት ነበር። ከዚያም በፖሊስ ኦርኬስትራ ብዙ ዓመት ሠሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1970 ዘፋኝ የሌለበት የሳክስፎን ሸክላቸው ወጣ። የውጭ አገር ሰዎች ሲሰሟቸው ከአሜሪካኖቹ ልቅ ጃዝ ጋር ያመሳስሏቸዋል፤ እርሳቸው ግን ያመጡት ከአባቶች ሽለላ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2003 የድሮ ሥራቸው በፈረንሳይ አገር በሲዲ ታተመ። ሰባ ዓመት ካለፋቸው በኋላ ደግሞ፣ እ.ኤ.አ. በ2006፣ ከሆላንድ ሙዚቀኞች ጋር «ሞዓ አንበሳ»ን አወጡ። እኒያ ፈረንጆች በሳቸው ዘንድ ሽለላን ተማሩ ማለት ነው። መጋቢት 26 ቀን 2008 ዓ.ም. አረፉ፤ ድምፃቸው ግን አልተቀበረም።

ወገኖቼ፣ ዕድራችን ሰውን በክብር ይቀብራል፤ የሟቹን ሙያ ግን አብረን እንዳንቀብር። እምቢልታ ነፊውም፣ ዋሽንት ተጫዋቹም፣ በአማርኛም በኽምጣንኛም የሚሸልለውም ሽማግሌ ገና በሕይወት ሳለ ልጆቻችን አጠገቡ ይቀመጡ፤ ይጠይቁት፣ በስልካቸውም ድምፁን ይቅረጹ። ጌታቸው ሽለላን ያገኙት ከሽማግሌ ሰምተው እንጂ ከመጽሐፍ አንብበው አይደለምና።

እግዜር ነፍሳቸውን ይማር፤ እኛንም ለከርሞ በሰላም ያድርሰን።