ሕፃናት ሁለተኛ ቋንቋ የሚለምዱበት ሂደት፦ ለወላጆችና ለአሳዳጊዎች የቀረበ ማብራሪያ

በኢትዮጵያ ከ80 በላይ ቋንቋዎች ይነገራሉ። በመሆኑም በቤቱ አንድ ቋንቋ እየሰማ ያደገ ሕፃን በሰፈር፣ በገበያ ወይም በመማሪያ ክፍል ሌላ ቋንቋ ይገጥመዋል። ልጃቸውን ለማስመዝገብ የሚዘጋጁ ወላጆችም ሁለት ቋንቋ ልጁን ያደናግረው እንደሆነ፣ የቤቱን ቋንቋ ማቆም ይሻል እንደሆነ፣ ዝምታው የችግር ምልክት ይሆን እንደሆነ ይጠይቃሉ። ይህ ማብራሪያ እነዚህን ጥያቄዎች የሚመለከት ነው።

በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 5 ማናቸውም የኢትዮጵያ ቋንቋዎች በእኩልነት የመንግሥት እውቅና እንዲኖራቸው ይደነግጋል። ከዚያ ቀደም ብሎ በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲም የአንደኛ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ፣ የሁለተኛና የከፍተኛ ደረጃ ትምህርት ደግሞ በእንግሊዝኛ እንዲሰጥ አድርጓል። በተግባር አንድ ተማሪ በአፍ መፍቻ ቋንቋው እየተማረ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ እንግሊዝኛን እንደ አንድ የትምህርት ዓይነት ይማራል፤ አፍ መፍቻው አማርኛ ካልሆነም አማርኛ ይጨመርለታል። የማስተማሪያው ቋንቋ ወደ እንግሊዝኛ የሚለወጥበት የክፍል ደረጃ ግን ከክልል ክልል ስለሚለያይ፣ የመኖሪያ ለውጥ የሚያደርግ ቤተሰብ የአዲሱን አካባቢ አሠራር አስቀድሞ ማጣራት ይኖርበታል።

የመጀመሪያው ዝምታ

ሁለት ቋንቋዎችን ከልደት ጀምሮ የሚሰማ ሕፃን ሁለቱንም እንደ አፍ መፍቻ ይለምዳቸዋል። አንደኛውን ከያዘ በኋላ፣ በተለምዶ ከ3 ዓመት ዕድሜ በኋላ ሁለተኛውን የሚጀምር ልጅ የሚሄድበት መንገድ ግን ሌላ ነው። እንዲህ ያለው ልጅ አዲስ መዋዕለ ሕፃናት ሲገባ አስቀድሞ በቤቱ ቋንቋ ይናገራል፤ የሚረዳው እንደሌለ ሲገነዘብም ይተዋል። ከዚያ በኋላ ለሳምንታት፣ አንዳንዴም ለወራት፣ በምልክትና በጥቆማ ብቻ ሐሳቡን ሲገልጽ ሊቆይ ይችላል። በዚህ ጊዜ ልጁ ሥራ ላይ ነው፤ ድምፆቹን ያዳምጣል፣ የትኛው ቃል ከየትኛው ድርጊት ጋር እንደሚመጣ ያስተውላል፣ ብቻውን ሲሆንም ቃላቱን በለሆሳስ ይለማመዳል። ይህን ዝምታ እንደ ስንፍና ወይም እንደ አእምሮ ዝግመት መቁጠር፣ ከዚያም አልፎ በሰው ፊት እንዲናገር ማስገደድ፣ ልጁን ይበልጥ ያሸማቅቀዋል።

ዝምታው ሲያበቃ አስቀድመው የሚሰሙት እንደ አንድ ቃል የተያዙ ሙሉ ሐረጎች ናቸው። «ተራዬ ነው»፣ «አልፈልግም»፣ «እንጫወት» የሚለው ሕፃን የግሡን እርባታ ገና አላወቀም፤ ሐረጉ ጨዋታ ውስጥ እንደሚያስገባው ግን አውቋል። ሊሊ ዎንግ ፊልሞር የተባሉት ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1976 ባቀረቡት ጥናት፣ በካሊፎርኒያ እንግሊዝኛ ይለምዱ የነበሩ 5 የስፓኒሽ ተናጋሪ ልጆች በዚሁ መንገድ መጀመራቸውን፣ ከዚያም ሐረጎቹን ጥቂት በጥቂት እየከፋፈሉ ሕጉን ማውጣታቸውን አሳይተዋል።

ሕጉን ሲያወጡ ስሕተት ይመጣል፤ ይህም ተፈላጊ የሆነ ስሕተት ነው። አማርኛን በሁለተኛነት የሚለምድ ልጅ ጓደኛውን «ና» በማለት ፈንታ «ምጣ» ቢለው፣ ከ«መጣ» ተነሥቶ ሥርዓቱን በትክክል አስልቷል ማለት ነው፤ ከሥርዓት ያፈነገጠው ቋንቋው ራሱ ነው። ሌሎች ስሕተቶች ከቤት ቋንቋ ይመጣሉ። አፋን ኦሮሞ ለወንድም ለሴትም «አቲ» ስለሚል፣ የዚህ ቋንቋ ተናጋሪ የሆነ ሕፃን «አንተ» እና «አንቺ»ን ለረጅም ጊዜ ሊያቀያይር ይችላል። በአፋን ኦሮሞ ቅጽል ከስም በኋላ ስለሚመጣም «ትልቅ ቤት» ለማለት «ቤት ትልቅ» ሊል ይችላል። በአንጻሩ አፋን ኦሮሞ የሚለምድ የአማርኛ ተናጋሪ ልጅ የአናባቢ ርዝመት ያስቸግረዋል፤ «ለፈ» መሬት ሲሆን አናባቢዎቹ ተስበው «ላፋ» ሲባል ደግሞ ለስላሳ ማለት ነው። በ«ዸዻ» (ቅቤ) ውስጥ ያለውን ድምፅም መጀመሪያ ላይ «ደ» አድርጎ ይሰማዋል። በእነዚህ ስሕተቶች መሣቅ አይገባም። ትልቁ ሰው ትክክለኛውን አነጋገር በመልሱ ውስጥ አስገብቶ ቢናገር በቂ ነው፤ ልጁ «ቤት ትልቅ አየሁ» ሲል «አዎ፣ በጣም ትልቅ ቤት ነው» ማለት ከተግሣጽ ይሻላል።

ዕድሜን በተመለከተ

«ልጅ ቋንቋ ቶሎ ይይዛል» የሚለው አባባል ከፊሉ ብቻ እውነት ነው። በኔዘርላንድስ የሚኖሩ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች ደች ሲለምዱ የተከታተለውና እ.ኤ.አ. በ1978 የታተመው የካትሪን ስኖውና የማሪያን ሁፍናግል-ሁሌ ጥናት፣ በመጀመሪያዎቹ ወራት ፈጥነው የተገኙት ከ12 እስከ 15 ዓመት ያሉት ታዳጊዎች መሆናቸውን አሳይቷል፤ ከ3 እስከ 5 ዓመት ያሉት ሕፃናት ወደ ኋላ ቀርተው ነበር። ትንንሾቹ የሚበልጡት በጊዜ ብዛት ነው፤ በተለይ አነጋገራቸው ከአፍ መፍቻ ተናጋሪ የማይለይ የመሆን ዕድሉ ሰፊ ነው። ስለዚህ የ5 ዓመት ልጅ በሦስት ወር ካልተናገረ፣ የ12 ዓመት ልጅም «አልፎበታል» ከተባለ፣ ሁለቱም ፍርዶች የተሳሳቱ ናቸው።

ሕፃናት ቋንቋ የሚለምዱት ከሰው ነው። ፓትሪሺያ ኩል ከባልደረቦቻቸው ጋር እ.ኤ.አ. በ2003 ባሳተሙት ጥናት፣ የ9 ወር አሜሪካውያን ሕፃናት የማንዳሪን ቻይንኛ ድምፆችን ለ12 ጊዜ ያህል ከፊታቸው ከተቀመጠ ሰው ሲሰሙ መለየት ችለዋል፤ ያንኑ በቪዲዮ የተመለከቱት ግን ካልሰሙት ሕፃናት አልተሻሉም። የእንግሊዝኛ ፊልም ቀኑን ሙሉ ከፍቶ መተው የሚያስተምር ለሚመስላቸው ቤተሰቦች ይህ ውጤት ሊጤን የሚገባው ነው።

የጨዋታ ቋንቋና የትምህርት ቋንቋ

ወላጆችን በብዛት የሚያሳስታቸው ልጁ ከጓደኞቹ ጋር አቀላጥፎ ሲጫወት ቋንቋውን ጨርሶ አውቋል ብሎ ማሰብ ነው። በካናዳ ከሌላ አገር የመጡ ቤተሰቦችን ልጆች ያጠኑት ጂም ከሚንስ፣ የዕለት ተዕለት መነጋገሪያ ችሎታ በ2 ዓመት ገደማ ሊዳብር እንደሚችል፣ በመማሪያ መጻሕፍትና በፈተና የሚፈለገው የቋንቋ ችሎታ ግን ከ5 እስከ 7 ዓመት እንደሚፈጅ ገልጸዋል። «ኳሷን አቀብለኝ» የሚለው ተማሪ «ትነት»ን ወይም «የጋራ አካፋይ»ን በአዲሱ ቋንቋ ሲያነብ ሊቸገር ይችላል። በእንዲህ ያለ ጊዜ የሒሳብ ውጤቱ ዝቅ ማለት የሒሳብ ችግር ነው ከመባሉ በፊት ጥያቄውን በቤቱ ቋንቋ አቅርቦ ማየት ተገቢ ነው።

የትምህርት ሚኒስቴር አስጠንቶ እ.ኤ.አ. በ2006 የተጠናቀቀው የአንደኛ ደረጃ የማስተማሪያ ቋንቋ ጥናትም፣ እስከ 8ኛ ክፍል በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው የተማሩ ተማሪዎች በሒሳብና በሳይንስ በእንግሊዝኛ ከተማሩት በአማካይ የተሻለ ውጤት እንደነበራቸው አመልክቷል። በአንድ ቋንቋ የተጨበጠ ፅንሰ ሐሳብ ወደ ሌላው ይሻገራል፤ የሚቀረው ስሙን መማር ነው። ንባብም እንዲሁ ነው። በላቲን ፊደል አፋን ኦሮሞን፣ ሲዳምኛን ወይም ሶማሊኛን ማንበብ የቻለ ልጅ ወደ አማርኛ ፊደል ሲመጣ ምልክት ድምፅን እንደሚወክል እንደገና መማር አያስፈልገውም። ሆኖም አንዱ ፊደል ተነባቢውንና አናባቢውን አንድ ላይ እንደሚይዝ፣ መጥበቅና መላላትም በጽሑፍ እንደማይታይ ሊነገረው ይገባል፤ «አለ» የሚለው ቃል «ተናገረ» ይሁን «ይገኛል» የሚለየው ከዓረፍተ ነገሩ ነው።

የቤት ቋንቋ

የቤትን ቋንቋ ማቆም ሁለተኛውን አያፋጥንም። ወላጆች ራሳቸው በማይችሉት ቋንቋ ሲያነጋግሩት ልጁ የሚሰማው ንግግር አጭርና የደኸየ ይሆናል፤ ተረት፣ ምክርና የቤተ ዘመድ ወግ ይቀርበታል። ዎንግ ፊልሞር እ.ኤ.አ. በ1991 ስለ አሜሪካ ያቀረቡት ጽሑፍ፣ ገና በለጋ ዕድሜያቸው ወደ እንግሊዝኛ ብቻ የገቡ ልጆች የቤታቸውን ቋንቋ እስከ ማጣትና ከወላጆቻቸው ጋር እስካለመግባባት እንደሚደርሱ አመልክቷል። በውጭ አገር ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦችም ጉዳዩ የቅርብ ነው፤ አያቱ በስልክ ስታነጋግረው መልስ የሚያጣ ልጅ በብዙ ቤት አለ። ሁለቱን ቋንቋዎች በአንድ ዓረፍተ ነገር መቀላቀልም በሁለት ቋንቋ የሚያድጉ ልጆች ሁሉ የሚያደርጉት እንጂ የመደናገር ምልክት አይደለም።

ጥንቃቄ የሚያስፈልገው መቼ ነው?

እውነተኛ የንግግር ወይም የቋንቋ እክል በሁለቱም ቋንቋዎች ይታያል። በቤቱ ቋንቋ እንደ እኩዮቹ የሚያወራ፣ በአዲሱ ግን ዝም የሚል ልጅ በመልመድ ላይ ያለ ነው። በአንጻሩ በ18 ወር ዕድሜው በየትኛውም ቋንቋ አንድም ቃል ያልተናገረ፣ በ2 ዓመቱ ሁለት ቃላት ማጋጠም ያልጀመረ፣ ሲጠሩት የማይዞር ወይም ይናገራቸው የነበሩ ቃላትን የተወ ሕፃን ሳይዘገይ ወደ ጤና ተቋም መወሰድ አለበት፤ በቅድሚያም መስማቱ ይመርመር። የቃላት ክምችቱ ሲገመገም የሁለቱም ቋንቋዎች ቃላት ተደምረው መታየት አለባቸው፤ በአንደኛው ብቻ የሚለካ ልጅ ያላግባብ ደካማ ሆኖ ይገኛል።

ወላጆችና አሳዳጊዎች ልጃቸውን ሲያስመዘግቡ በቤት የሚነገሩትን ቋንቋዎች በሙሉ፣ ልጁ አዲሱን ቋንቋ መስማት የጀመረበትን ጊዜና ቀደም ሲል የተማረበትን ቋንቋ ለትምህርት ቤቱ ማሳወቅ ይጠበቅባቸዋል። በቋንቋ ምክንያት ክፍል እንዲደግም ወይም ወደ ልዩ ፍላጎት ትምህርት እንዲዛወር ሐሳብ ከቀረበም፣ ልጁ በአፍ መፍቻ ቋንቋው ተገምግሞ እንደሆነ መምህሩን ወይም ርእሰ መምህሩን ሊጠይቁ ይገባል።