የቪዲዮ ጨዋታ መጠባበቂያ ቅጂና የመቆለፊያው ታሪክ

ሰው ገንዘቡን ከፍሎ የገዛው ዕቃ የራሱ መሆኑ በብዙ ሕዝብ ልማድ የታወቀ ነገር ነው። በሬ የገዛ ሰው ቢያርስበትም፣ ቢሸጠውም፣ ቢያርደውም ከልካይ የለበትም። ዕቃው የሌላ ሰው ድርሰት የተቀረጸበት ሲሆን ግን ነገሩ እንዲህ ቀላል አይሆንም። የተገዛው ዲስኩ ነው ወይስ በዲስኩ ላይ ያለው ሥራ ለሚለው ጥያቄ ሻጭና ገዥ አንድ ዓይነት መልስ አይሰጡም። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህ አለመግባባት ከቴሌቪዥን ጋር እየተያያዘ በሚሠራው የቤት የቪዲዮ ጨዋታ መሣሪያ ላይ ከ1983 እስከ 2024 ድረስ የሄደበትን መንገድ መመርመር ነው። ዘመናቱ ሁሉ የተጻፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

መሣሪያቸውን አሻሽለው የጨዋታ ቅጂ የሚጭኑበት ሰዎች ለሥራቸው የሰጡት ስም ወደ አማርኛ ሲመለስ «መጠባበቂያ ቅጂ» ማለት ነው። ይህ ስም ሰምና ወርቅ አለው። ሰሙ፣ አንድ ሰው የገዛው ዲስክ ቢሰበርበት ወይም ቢጫርበት የሚተካበትን ግልባጭ አስቀድሞ ማስቀመጡ ነው። ወርቁ ግን ብዙ ጊዜ ሌላ ነበር፤ ይኸውም ያልተገዛውን ጨዋታ ከሌላ ሰው እጅ ገልብጦ መጫወት ነው። በአንድ ቃል ጥላ ሥር ጠባቂውና ሌባው አብረው ስለ ተጠለሉ፣ ሕግ አውጪዎችም ዳኞችም ሁለቱን ለመለየት ሲቸገሩ ኖረዋል።

ክርክሩ ቀደም ብሎ በግልጽ ከታየባቸው ጉዳዮች አንዱ በአሜሪካ በኢሊኖይ ግዛት በተቀመጠው የፌዴራል ፍርድ ቤት በ1983 የታየው ነው። ጄ ኤስ ኤንድ ኤ የተባለ ነጋዴ ድርጅት ለአታሪ 2600 መሣሪያ የተሠሩትን የጨዋታ ካርትሪጆች ወደ ባዶ ካርትሪጅ የሚገለብጥ መሣሪያ ይሸጥ ነበር። አታሪ ሲከሰው፣ ድርጅቱ በ1980 በተሻሻለው የአሜሪካ የቅጂ መብት ሕግ መሠረት የኮምፒዩተር ፕሮግራም ባለቤት ለመጠባበቂያ የሚሆን ግልባጭ ሊያዘጋጅ ይችላል ሲል ተከራከረ። ፍርድ ቤቱ ግን ሕጉ ይህን የፈቀደው በመካኒክ ወይም በኤሌክትሪክ ብልሽት በቀላሉ ለሚጠፋ ነገር ነው፤ የካርትሪጁ ጽሑፍ በቋሚ ቺፕ ውስጥ የታተመ ስለ ሆነ ለእንዲህ ያለ አደጋ የተጋለጠ አይደለም ብሎ ሽያጩ እንዲቆም አዘዘ። በዚህ ፍርድ ሚዛን የመገልበጥ መብት የተመዘነው በዕቃው ጥንካሬ እንደ ነበር ልብ ማለት ይገባል። ዕቃው የማይበላሽ ከሆነ መጠባበቂያ አያስፈልገውም ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ ኩባንያዎቹ በፍርድ ቤት ብቻ መታመንን ትተው በመሣሪያው ውስጥ ዘበኛ ማቆም ጀመሩ። ኒንቴንዶ በ1985 ወደ አሜሪካ ገበያ ባስገባው መሣሪያ ውስጥ አንድ ቺፕ፣ በእያንዳንዱም ካርትሪጅ ውስጥ ሌላ ቺፕ አኖረ። ሁለቱ ቺፖች እንደ ጠያቂና እንደ መላሽ ሁነው በምስጢር ይነጋገራሉ። የካርትሪጁ ቺፕ ተገቢውን መልስ ካልሰጠ መሣሪያው ደጋግሞ እንደ አዲስ እየተነሣ ጨዋታውን አያስጀምርም። ይህ መቆለፊያ ቅጂን የሚከለክል ብቻ አልነበረም። ለዚያ መሣሪያ ጨዋታ ሠርቶ ሊሸጥ የሚችለውን ሰው የሚመርጠውም እሱ ነበር። ስለዚህ ከመጀመሪያው ጀምሮ መቆለፊያው ሁለት ሥራ ነበረው፤ አንዱ የደራሲን ሥራ መጠበቅ፣ ሁለተኛውም ገበያን መግዛት ነው።

ሶኒ በታኅሣሥ 1994 በጃፓን ፕሌይስቴሽን የተባለውን መሣሪያ ሲያወጣ ነገሩ መልኩን ለወጠ። ጨዋታው ከካርትሪጅ ወደ ሲዲ ተዛወረ፤ ሲዲም በልጆች እጅ ቶሎ የሚጫርና የሚበላሽ ዕቃ ነው። በ1983 ፍርድ የተባለው የጥንካሬ ምክንያት በዚህ ጊዜ ሊጠቀስ የሚችል አልነበረም። ነገር ግን መጠባበቂያ በእጅጉ ባስፈለገበት በዚያው ጊዜ መቆለፊያው ይበልጥ ጠነከረ። በእውነተኛው ዲስክ መጀመሪያ ላይ ያለው የንባብ መሥመር ሆን ተብሎ በጥቂቱ እንዲወላገድ ተደርጎ፣ በዚያ መወላገድ ውስጥ የሽያጩን አገር የሚያመለክቱ አራት ፊደላት ተሰውረዋል። በቤት ውስጥ ሲዲ የሚቀርጸው መሣሪያ ይህን መወላገድ ሊቀርጽ አይችልም። ስለዚህ ቅጂው በጨዋታው ይዘት ከእውነተኛው ሳይለይ መሣሪያው አልቀበልም ይለዋል። መላው የተገኘው «ሞድቺፕ» በተባለው ጥቃቅን ቺፕ ነው። ባለሙያ መሣሪያውን ከፍቶ በጥቂት ሽቦዎች ሲበይደው፣ ቺፑ እነዚያን አራት ፊደላት በዲስኩ ፈንታ ለመሣሪያው ይናገርለታል።

ሞድቺፕ መሸጥ ወንጀል ነውን? በዚህ ጥያቄ ላይ ሰፊ ክርክር የተደረገው በአውስትራልያ ነው። ሶኒ ስቲቨንስ የተባለውን የሞድቺፕ ሻጭ ከሰሰ። በ2002 የመጀመሪያው ዳኛ ለስቲቨንስ ፈረደ፤ በ2003 ይግባኝ ሰሚው ችሎት ፍርዱን ገለበጠ፤ በጥቅምት 2005 የአገሪቱ የመጨረሻው ፍርድ ቤት ዳኞች በአንድ ድምፅ ለስቲቨንስ ፈረዱ። ምክንያታቸው ጥልቅ ነበር። ሕጉ የሚጠብቀው የቅጂ መብትን መጣስ የሚከላከለውን መቆለፊያ ነው። የሶኒ መቆለፊያ ግን መገልበጥን አይከለክልም፤ የሚከለክለው ከተገለበጠ በኋላ መጫወትን ነው፤ መጫወት ደግሞ ብቻውን የቅጂ መብት መጣስ አይደለም። ደግሞም መቆለፊያው በሌላ አገር በሕጋዊ መንገድ የተገዛውን ዲስክ ሳይቀር ይከለክል ነበር። ይሁን እንጂ የአገሪቱ ምክር ቤት ከአሜሪካ ጋር በተደረገው የንግድ ስምምነት ምክንያት በ2006 ሕጉን አጠበቀው። በአሜሪካ በራሷ ከ1998 ጀምሮ መቆለፊያን መስበር፣ ቅጂው ለማንም ባይሰጥ እንኳ፣ ራሱን የቻለ ጥፋት ሆኖ ተደንግጎ ነበር።

እስከዚህ ድረስ ቅጂው ከዲስክ ወደ ዲስክ የሚሄድ ነበር። ቅጂን በመሣሪያው ሆድ ውስጥ መጫን የተስፋፋው ማይክሮሶፍት በኅዳር 2001 ባወጣው ኤክስቦክስ ላይ ነው። ይህ መሣሪያ 8 ጊጋባይት የሚይዝ ሃርድ ዲስክ ነበረው። በ2002 አንድሩ ሁዋንግ የተባለው የማሳቹሴትስ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ተማሪ፣ በቺፖቹ መካከል በፍጥነት የሚያልፈውን ምልክት በራሱ በሠራው መሣሪያ ጠልፎ የተሰወረውን ቁልፍ አነበበ። በ2003 ደግሞ ቺፕ መበየድ ሳያስፈልግ ተራ የጨዋታ ማስቀመጫ ፋይልን እንደ ማታለያ በመጠቀም መሣሪያውን መክፈት ተቻለ። ከዚያ ወዲያ ባለቤቶቹ ትንሹን ሃርድ ዲስክ በትልቅ እየተኩ የዲስኮቻቸውን ይዘት በውስጡ አከማቹ፤ ዲስኩም በመደርደሪያ ላይ ተቀመጠ። በዚሁ በተከፈተው መሣሪያ ላይ ፊልምና ሙዚቃ ለማጫወት የተሠራው ፕሮግራም ስሙ በ2014 «ኮዲ» ተብሎ ተለውጦ በሌሎች ብዙ መሣሪያዎች ላይ ሲሠራበት ኖሯል። እንግዲህ ከተሰበረው መቆለፊያ ስርቆት ብቻ ሳይሆን አዲስ ሥራም መውጣቱ ሊካድ አይገባም።

የቅጂ ጫኞች ልማድ በሙሉ ቅርጹ የታየው ግን በኒንቴንዶ ዊ ላይ ነው። ይህ መሣሪያ በኅዳር 2006 ለገበያ የወጣ ሲሆን ዲስኩ 4.7 ጊጋባይት ይይዝ ነበር፤ ይዘቱም በምስጢር ቁልፍ የተሰወረ ነው። መሣሪያው የቀድሞውን ጌምኪዩብ ጨዋታ ሲያጫውት ከ64 ሜጋባይት ማስታወሻው 16 ሜጋባይቱን ብቻ ያሳይ ነበር። ቲም ቱዊዘርስ የተባለው ቡድን በወረንጦ አንዳንድ የቺፑን ሽቦዎች በማገናኘት የተደበቀውን ክፍል አነበበና ቁልፎቹን አገኘ፤ የቡድኑም ስም ከዚሁ ወረንጦ የመጣ ነው። የኩባንያውን ማኅተም የሚያረጋግጠው ክፍልም ትልቅ ጉድለት ነበረበት። ሁለቱን ቁጥሮች እንደ ተራ ጽሑፍ ያስተያይ ስለ ነበር ዜሮ ሲያገኝ ጽሑፉ አለቀ ብሎ ያቆማል። ስለዚህ ሐሰተኛው ማኅተምና የፋይሉ መለያ ሁለቱም በዜሮ ከጀመሩ እኩል ናቸው ብሎ ያሳልፋል። ፋይሉን በጥቂቱ እየለወጡ በአማካይ 256 ጊዜ መሞከር ለዚህ ይበቃ ነበር። በ2008 ደግሞ በአንድ የዜልዳ ጨዋታ ውስጥ የጀግናውን ፈረስ ስም ከልክ በላይ በማርዘም መሣሪያው የውጭ ፕሮግራም እንዲቀበል ተደረገ። ኩባንያው ቀዳዳውን ሲደፍን ሌላ ቀዳዳ ይገኝ ነበር።

ከ2009 ጀምሮ የተለመደው የአጫጫን ሥርዓት እንዲህ ነበር። በመጀመሪያ የመሣሪያው በር ይከፈታል፤ ቀጥሎ ወደ ዲስክ ማንበቢያው የሚሄደውን ጥያቄ ወደ ውጭ ሃርድ ዲስክ የሚመልስ የተሻሻለ የሥርዓት ክፍል ይተከላል፤ በመጨረሻም ባለቤቱ እያንዳንዱን ዲስክ አንድ ጊዜ አስገብቶ ያስገለብጣል። ብዙዎቹ ጨዋታዎች ዲስኩን ስለማይሞሉ የቀረው ቦታ ትርጉም በሌለው መሙያ የተያዘ ነበር፤ ገልባጩ ፕሮግራም ይህን መሙያ እየጣለ እውነተኛውን ይዘት ብቻ ያስቀምጣል። ጨዋታው ግን ከዲስክ የሚነበብ መስሎት ይሠራል።

ለባህል ተመራማሪ ከዚህ የሚበልጥ ትኩረት የሚሰጠው በሰዎቹ መካከል የተነሣው የክብር ሕግ ነው። መሣሪያውን የከፈቱት ሊቃውንት በራሳቸው እጅ የተሠሩ ፕሮግራሞችን ለማስኬድ እንጂ ለስርቆት እንዳልደከሙ በአደባባይ ተናግረዋል፤ ቅጂ የሚጭነውን ፕሮግራም ያወጡት ሌሎች ናቸው። ሥራቸውን በነጻ ስለሚሰጡም፣ ለዚህ ገንዘብ የከፈለ ሰው መታለሉን የሚያስታውቅ ማስጠንቀቂያ በፕሮግራሙ መክፈቻ ላይ አኑረዋል። ሆኖም የከፈቱት በር አንድ ስለ ሆነ ጠባቂውም ሌባውም በዚያው ገቡ። በር ከፋች የሚገባውን ሰው ሊመርጥ አልቻለም፤ መቆለፊያውም በበኩሉ ዲስኩን የገዛውንና ያልገዛውን ሰው ሊለይ አልቻለም። የደራሲዎቹና የሠራተኞቹ ጉዳት እውነተኛ መሆኑ ሊዘነጋ አይገባም፤ ያልተከፈለበት ጨዋታ የብዙ ሰዎች የዓመታት ድካም ነውና።

ኩባንያዎቹም ራሳቸው ጨዋታን በሃርድ ዲስክ የመጫንን ጥቅም ተቀበሉ። ማይክሮሶፍት በኅዳር 2008 የኤክስቦክስ 360 ባለቤቶች ዲስካቸውን በሃርድ ዲስክ ላይ እንዲጭኑ ፈቀደ፤ ነገር ግን ዲስኩ እንደ ምስክር በመሣሪያው ውስጥ መቀመጥ ነበረበት። በ2013 ለኤክስቦክስ ዋን ሌላ ደንብ አሰበ፤ ዲስክ አያስፈልግም፣ ነገር ግን መሣሪያው በ24 ሰዓት አንድ ጊዜ በኢንተርኔት ፈቃድ ይጠይቅ የሚል ነበር። ገዥዎች ስለ ተቆጡ በሰኔ ወር ደንቡን ሰረዘ። ከዚህ እንደሚታየው ክርክሩ ስለ መገልበጥ አልነበረም፤ መገልበጥን ሁለቱም ወገኖች ተቀብለውታል። ክርክሩ ምስክሩ በማን እጅ ይሁን የሚል ነበር፤ በገዥው መደርደሪያ ያለው ዲስክ ነው ወይስ በሻጩ ቤት ያለው መዝገብ?

የዚህ ጥያቄ ክብደት የታወቀው መዝገቡ መዘጋት ሲጀምር ነው። የዊ የኢንተርኔት መደብር በጥር 2019፣ የዊ ዩና የኒንቴንዶ 3ዲኤስ መደብሮች ደግሞ በመጋቢት 2023 ሽያጭ አቆሙ። በዲስክ ያልታተሙ፣ በእነዚህ መደብሮች ብቻ የተሸጡ ጨዋታዎች ከዚያ ወዲያ በሕጋዊ መንገድ የሚገዙበት ቦታ አጡ። የቪዲዮ ጨዋታ ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት ከ2010 በፊት በአሜሪካ ከወጡት የቀድሞ ጨዋታዎች 87 ከመቶ የሚሆኑት በገበያ እንደማይገኙ አስታውቋል። የአሜሪካ ሕግ ይህን ችግር ፈጽሞ አልዘነጋውም፤ በ2003 መሣሪያቸው ያረጀባቸውን ጨዋታዎች ለማቆየት መቆለፊያ መስበር እንዲቻል በልዩ ሁኔታ ተፈቅዶ ነበር። ነገር ግን ቤተ መጻሕፍት የያዟቸውን ጨዋታዎች ለተመራማሪዎች በሩቅ ሆነው እንዲያዩአቸው ያቀረቡት ልመና በጥቅምት 2024 ተቀባይነት አላገኘም። ስለዚህ የጨዋታን ታሪክ የሚያጠና ሰው ብዙ ጊዜ የሚያገኘው ምንጭ፣ ሕግ የከለከለው ገልባጭ ያስቀመጠው ቅጂ ነው።

በጠቅላላው ሲታይ የ1983ቱ ዳኛ ያነሣው ጥያቄ፣ ዕቃው ይጠፋልን የሚለው፣ ትክክለኛ ጥያቄ ነበር፤ መልሱ ግን ከአርባ ዓመት በኋላ ተለውጧል። በዚያን ጊዜ የሚያሰጋው የዕቃው መሰበር ነበር፤ ኋላ ግን ካርትሪጁ ሳይሰበር፣ ዲስኩም ሳይጫር፣ ሻጩ በሩን ሲዘጋ ሥራው ከሰው እጅ ሊወጣ እንደሚችል ታየ። ሕግ ጠባቂውን ከሌባው የሚለይበት መንገድ ካላበጀ፣ ሌባውን ለመቅጣት ሲል ጠባቂውን አብሮ ይቀጣል፤ ጉዳቱም የሚደርሰው በኋላ በሚመጣው ትውልድ ላይ ነው። ለተማሪዎችም አንድ ሥራ ተትቷል። ቅጂዎቹን ያስቀመጡት ሰዎች በሕይወት ሳሉ፣ ምን እንደ ገለበጡ፣ ለምን እንደ ገለበጡና በመካከላቸው ምን ዓይነት ደንብ እንደ ነበራቸው ከአፋቸው ተጠይቆ ቢመዘገብ፣ ፍርድ ቤቶች የተዉት መዝገብ የማይናገረው ግማሹ ታሪክ ይገኛል።